ዘጠና ደቂቃ በሉቭር፤ የታየውና የታለፈው

የዛሬው ጽሑፌ ላይ ላዩን ሲታይ ስለ ሥዕል ይመስላል፤ ጉዳዩ ግን ከዘወትሩ የመንግሥትና የሥልጣን ጨዋታችን የራቀ አይደለም። የማነሣቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮጳውያን አቆጣጠር መሆናቸውን ከወዲሁ ላስታውስ።

ስመ ጥር ቤተ መዘክር ያለው ከተማ ሁሉ ጊዜ ለሌለው እንግዳ የሚያቀርበው አንድ መስተንግዶ አለ፤ እርሱም አጭር ጉብኝት ነው። እኔም የፓሪሱን ሉቭር ያየሁት በዚሁ መንገድ ነው። ሃያ ለምንሆን ሰዎች አንዳንድ የጆሮ ማዳመጫ ታደለን፤ ከዚያም አንዲት ቀልጣፋ አስጎብኚ ከፊት እየመራች በመስታወቱ ፒራሚድ በኩል አስገብታ በዘጠና ደቂቃ ውስጥ አስወጣችን።

አጭር ጉብኝትን የሚያጣጥሉ ሰዎች አሉ። እኔ ከእነርሱ ወገን አይደለሁም። ሉቭር በአዳራሾቹ ለዕይታ ያቀረባቸው ሥራዎች ቁጥር ወደ 35,000 ይጠጋል። አንድ ጎብኚ በእያንዳንዱ ሥራ ፊት አሥር ሰከንድ ብቻ እየቆመ ልለፍ ቢል፣ ያለ እህልና ያለ እንቅልፍ አራት ሙሉ ቀንና ሌሊት ይፈጅበታል። እንግዲህ መምረጥ ግድ ነው፤ የሚመርጥልን ሰው ማግኘታችንም ውለታ ነው።

ነገር ግን ምርጫ ባለበት ሁሉ መራጭ አለ። መራጩ «ይህንን ተመልከቱ» ባለ ቁጥር «ያንን እለፉት» ማለቱም ነው። አስጎብኚ አንዲት የሐሰት ቃል ሳይወጣው ጎብኚውን ሊያሳስት ይችላል። የተናገረው ሁሉ እውነት፣ ያሳየውም ሁሉ ድንቅ ሆኖ፣ የነገሩ ፍሬ ግን ካለፈው ክፍል ውስጥ ሊቀር ይችላል። መንግሥታትም ታሪክን ለዜጎቻቸው የሚያሳዩት በዚህ ዓይነት አጭር ጉብኝት ነው ብዬ አምናለሁ። ስለሆነም አንድን መንግሥት ለመመዘን ከሚያሳየው ይልቅ የሚያልፈውን መጠየቅ ይበጃል። የምለውን በዚያ ጉብኝት ባየኋቸው ሦስት ሥዕሎች ላስረዳ።

ጀርባ የተሰጠው ሥዕል

የሉቭር አጭር ጉብኝት ዋና መዳረሻ ሞና ሊዛ ናት። ቁመቷ 77፣ ወርዷ 53 ሳንቲ ሜትር ብቻ የሆነችው ይህች ሥዕል ጥይት በማይበሳው መስታወት ውስጥ ሆና ቀኑን ሙሉ ሕዝብ ይጋፋላታል። የሊዮናርዶ ዳ ቪንቺ ጥበብ እንደተጠበቀ ሆኖ፣ ስሟን በዓለም ጋዜጦች ሁሉ ያናኘው በ1911 መሰረቋ ነው፤ ቪንቼንዞ ፔሩጃ የተባለ ጣሊያናዊ ሠራተኛ ወስዶ ከሁለት ዓመት በላይ ደብቋት ነበር። ፕሬዚዳንት ኤማኑኤል ማክሮን በጥር 2025 ባስታወቁት የእድሳት ዕቅድ መሠረት ደግሞ ለብቻዋ አዳራሽ ይዘጋጅላታል።

እርሷን ለማየት የሚጋፋው ሕዝብ ጀርባውን ለሌላ ሥዕል ሰጥቶ ነው የሚቆመው። ከፊት ለፊቷ የተሰቀለው የፓውሎ ቬሮኔዜ «የቃና ሠርግ» በሉቭር ካሉት የሸራ ሥዕሎች ሁሉ ትልቁ ነው፤ ቁመቱ ወደ 7፣ ወርዱ ወደ 10 ሜትር ይደርሳል። እኛ በጥምቀት ማግሥት የምናከብረው ቃና ዘገሊላ እዚህ በቬኒስ ባለጸጎች ድግስ አምሳል ተሥሏል። አስጎብኚያችን የቀለሙን ድምቀትና የሰዎቹን ብዛት አድንቃ በአንድ ደቂቃ ውስጥ አለፈችው።

ያለፈችው ሥዕሉ እዚያ እንዴት እንደ ደረሰ ነው። ቬሮኔዜ ሥዕሉን በ1563 የጨረሰው በቬኒስ፣ ሳን ጆርጆ ማጆሬ በተባለው ደሴት ላይ ላለው ገዳም የመነኮሳት መመገቢያ አዳራሽ ነበር። በ1797 የናፖሊዮን ወታደሮች ከግድግዳው አውርደው፣ ቆራርጠውና ጠቅልለው ወደ ፓሪስ ላኩት። ናፖሊዮን በ1815 ከወደቀ በኋላ ከጣሊያን የተወሰዱ ብዙ ሥዕሎች ሲመለሱ ይህ ቀረ። የተሰጠው ምክንያት «ሥዕሉ መንገድ አይችልም፤ ይጎዳል» የሚል ነበር፤ በምትኩም የፈረንሳዊው ሠዓሊ የሻርል ለ ብራን ሥዕል ተላከ። ተቆራርጦ ሲመጣ መንገድ የቻለው ሥዕል፣ ሲመለስ መንገድ አይችልም ተባለ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ግን ከሉቭር ወጥቶ፣ ተሸሽጎ፣ በደኅና ተመልሷል። ዛሬ በመነኮሳቱ አዳራሽ ግድግዳ ላይ የሚታየው በ2007 የተሰቀለ ባለ ሙሉ መጠን ቅጂ ነው።

ይህ ዓይነቱ ምክንያት ለኢትዮጵያዊ ጆሮ አዲስ አይደለም። የአክሱም ሐውልት በ1937 በፋሽስት ጣሊያን ተጭኖ ወደ ሮም ከሄደ በኋላ፣ ጣሊያን በ1947ቱ የሰላም ውል የወሰደችውን ልትመልስ ብትፈርምም ሐውልቱ ያገሩን አፈር የረገጠው በ2005 ነው። በመሐሉ ባለፉት ዓመታት ከተደረደሩት ምክንያቶች አንዱ የማጓጓዙ ችግር ነበር። ፈቃዱ በተገኘ ጊዜ ግን በሦስት ተከፍሎ በአውሮፕላን መጣ፤ በ2008ም ከቦታው ቆሞ ተመረቀ። ጣሊያን በሥዕሉ ተበዳይ፣ በሐውልቱ በዳይ መሆኗን ልብ ይሏል። የደረሰባትን በደል ማወቋ ሌላውን ከመበደል አልመለሳትም።

ያልተገኙት እናት

ከሞና ሊዛ አዳራሽ ወጥቶ አንድ ክፍል ተሻግሮ ግድግዳው ቀይ የሆነ ሰፊ አዳራሽ አለ። እዚያ የዣክ ሉዊ ዳቪድ «የናፖሊዮን ዘውድ መጫን» ተሰቅሏል። በታኅሣሥ 1804 በኖትር ዳም ካቴድራል የተፈጸመውን ሥርዓት የሚያሳይ ሲሆን ወርዱ ከ9 ሜትር ተኩል ይበልጣል። ሠዓሊው የንጉሠ ነገሥቱ ሠዓሊ ነበር፤ ሥራውንም በ1807 አጠናቀቀ።

በሥዕሉ መካከል፣ ከፍ ባለው ሰገነት ላይ የናፖሊዮን እናት ሌቲሲያ ተቀምጠው በልጃቸው ክብር ሲደሰቱ ይታያሉ። እውነቱ ግን ሌቲሲያ በዚያ ቀን በሥፍራው አልነበሩም፤ በቤተ ሰብ ጠብ ምክንያት ሮም ቀርተው ነበር። ሊቀ ጳጳሳቱ ፒዮስ 7ኛም በመጀመሪያው ንድፍ እጃቸውን ከጉልበታቸው ላይ አሳርፈው ነበር የተሣሉት፤ ኋላ በንጉሠ ነገሥቱ ፈቃድ እጃቸው ተነሥቶ እንዲባርኩ ተደረገ።

አስጎብኚያችን ያልነበሩትን እናት ነገር አልሸሸገችንም። እንደ ጨዋታ አድርጋ ነገረችን፤ ሁላችንም ሳቅን። እኔ ግን ሥልጣን በሥዕል ላይ ሊሠራ የሚችለውን ሁሉ በዚያ አንድ ሸራ ላይ ያየሁ መሰለኝ። ያልመጣውን መጥቷል ያሰኛል፤ ያልባረከውን ያስባርካል። ሥዕሉ እጅግ ያማረ በመሆኑም ከሁለት መቶ ዓመት በኋላ ሐሰቱን የምናስታውሰው እንደ ቀልድ ብቻ ነው።

የሹመት ዋጋ

ከዚያ ሳይርቅ፣ በሌላኛው ወገን ባለው ቀይ አዳራሽ ውስጥ የቴዎዶር ዤሪኮ «የሜዱዛ ርብራብ» አለ። ቁመቱ ወደ 5፣ ወርዱ ከ7 ሜትር በላይ ነው። በማዕበል መካከል በእንጨት ርብራብ ላይ ሙታንና ሕያዋን ተደባልቀው ይታያሉ፤ ሕያዋኑ ከአድማስ ላይ ነጥብ ለምታህል መርከብ ጨርቅ ያውለበልባሉ። አስጎብኚያችን ስለ አካላቱ አሰላለፍና ስለ ብርሃንና ጥላው አጠቃቀም በሦስት ደቂቃ አስረድታን ቀጠለች። የተናገረችው ሁሉ ትክክል ነው። የታለፈው ደግሞ የሚከተለው ነው።

በሰኔ 1816 ሜዱዛ የተባለች የፈረንሳይ የጦር መርከብ 400 ያህል ሰዎች ይዛ ወደ ሴኔጋል ተነሣች፤ ዓላማዋም እንግሊዝ የመለሰችውን ቅኝ ግዛት መረከብ ነበር። መርከቧን እንዲመራ የተሾመው ሁግ ደ ሾማሬ የተባለ መኰንን ነው። ይህ ሰው አብዮቱን ሸሽቶ በስደት የኖረ፣ ከ20 ዓመታት በላይ መርከብ ያልመራ ሰው ነበር። ለሹመቱ ያበቃው የባሕር ዕውቀቱ አልነበረም፤ ወደ ዙፋን ለተመለሰው ለቡርቦን ንጉሣዊ ቤት ያሳየው ታማኝነት ነው። መንገዱን የሚያውቁ መኰንኖች ያሰሙትን ማስጠንቀቂያ አልተቀበለም። በሐምሌ 2 ቀን መርከቧ ከዛሬዋ ሞሪታኒያ ጠረፍ ራቅ ብሎ በሚገኝ የአሸዋ ደለል ላይ ተቀረቀረች።

ጀልባዎቹ ለሁሉም አይበቁም ነበር። ስለዚህ ከመርከቧ ምሰሶና ሳንቃ አንድ ርብራብ ተጠፍሮ 147 ሰዎች ተጫኑበት፤ ጀልባዎቹ በገመድ እየጎተቱ ወደ የብስ ሊያደርሷቸው ቃል ተገባ። ካፒቴኑ ከጀልባ ተሳፋሪዎቹ ጋር ነበር። ጥቂት እንደተጓዙ ገመዱ ተለቀቀ፤ ርብራቡም በባሕር ላይ ቀረ። ውኃ ጥም፣ ረሃብና የእርስ በርስ ግድያ ተፈራረቀባቸው፤ የሰው ሥጋ እስከ መብላትም ደረሱ። በ13ኛው ቀን ሌላ መርከብ ሲያገኛቸው በሕይወት የተረፉት 15 ብቻ ነበሩ። ካፒቴኑ በጦር ፍርድ ቤት ቀርቦ የተፈረደበት የሦስት ዓመት እስራት ነው።

ጉዳዩ በዝምታ እንዲታለፍ ተፈልጎ ነበር። ከተረፉት አንዱ የሆነው የመርከቧ ሐኪም ሳቪኚ የጻፈው ሪፖርት ግን ሾልኮ ጋዜጣ ላይ ወጣ። በ1817ም ሌላው ተራፊ መሐንዲሱ ኮሬያር ከእርሱ ጋር ሆኖ ታሪኩን በመጽሐፍ አሳተሙት። ዤሪኮ ከሁለቱም ጋር ተገናኝቶ ጠየቀ፤ ከአደጋው የተረፈው የመርከቧ አናጺ የርብራቡን አነስተኛ አምሳያ ሠራለት፤ የሞት ገጽታ ምን እንደሚመስል ለማወቅም ሆስፒታል ድረስ ሄዶ አስከሬን አጠና። ሥዕሉ በ1819 ለሕዝብ ሲቀርብ የተሰጠው ርእስ «የመርከብ መሰበር ትዕይንት» የሚል ብቻ ነበር፤ የየትኛዋ መርከብ እንደሆነ ግን ለፓሪስ ሰው መንገር አላስፈለገም።

በሥዕሉ ጫፍ፣ ከሁሉም በላይ ቆሞ ጨርቁን የሚያውለበልበው ጥቁር ሰው ነው። ሠዓሊው ለዚህ ምስል ሞዴል ያደረገው ዮሴፍ የተባለ የሄይቲ ተወላጅ ነበር። ፈረንሳይ በቅኝ ግዛቶቿ ውስጥ ባርነትን ያስቀረችው በ1848 መሆኑን ስናስብ፣ የሁሉም ተስፋ በማን ክንድ ላይ እንደተሣለ መገንዘብ አያዳግትም።

የራስን ነውር ከግድግዳ ላይ

እዚህ ላይ የሚደንቀኝ ሥዕሉ መሣሉ ብቻ አይደለም፤ የተሰቀለበት ሥፍራ ነው። ዤሪኮ በ1824 በ32 ዓመቱ ሲሞት ሥዕሉ ገና በእጁ ነበር። በዚያው ዓመት፣ የቤተ መዘክሩ ኃላፊ ሠዓሊው ፎርቤን በመወትወቱ፣ ሉቭር ገዛው። ያን ጊዜ በዙፋን ላይ የነበረው ያው ካፒቴኑን የሾመው የቡርቦን ቤት ነው። የሰቀለውም የነገሥታቱ መኖሪያ በነበረውና አብዮቱ በነሐሴ 1793 ለሕዝብ ዕይታ በከፈተው ቤት ውስጥ ነው። በሹመቱ ጥፋት ያለቁትን ሰዎች ምስል በራሱ ግድግዳ ላይ የሰቀለ መንግሥት በታሪክ ብዙ አይገኝም።

ፈረንሳይን ለማመስገን አልቸኩልም። ከርብራቡ ጋር በአንድ አዳራሽ ያለው የደላክሯ «ነጻነት ሕዝቡን ስትመራ» ሌላ ይመሰክራል። የ1830ውን የሐምሌ አብዮት የሚያወድሰውን ይህንን ሥዕል መንግሥት በ1831 ከገዛው በኋላ ሕዝብ ያነሣሣል ብሎ ከዓይን አራቀው፤ ሉቭር የገባው በ1874 ነው። በአብዮት የመጣው መንግሥት ሌላ አብዮት እንዳይመጣበት የራሱን መወለጃ ሥዕል ደበቀ። የሜዱዛ ታሪክም ፈረንሳይን ሴኔጋልን ከመግዛት አላገዳትም። ቢሆንም ሥዕሉ ከግድግዳው አልወረደም። አስጎብኚ በሦስት ደቂቃ ቢያልፈውም፣ ጊዜ ያለው ሰው ተመልሶ በፊቱ ሊቆም ይችላል። አንድ አገር ለዜጋው ሊያደርግለት ከሚችለው ትልቅ ነገር አንዱ ይህ ይመስለኛል፤ ከአጭሩ ጉብኝት በኋላ የሚመለስበት ግድግዳ።

እኛስ?

በእኛ አገር መንግሥት ሲለወጥ አስጎብኚውም ይለወጣል። በመስከረም 1974፣ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን በወረዱበት ዋዜማ፣ እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ስለ ወሎ ረሃብ ያነሣው ፊልም በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ታየ። ደርግ ፊልሙን እንዳለ አላቀረበውም፤ የረሃብተኞቹን ምስል ከቤተ መንግሥት ግብዣ ምስል ጋር እያፈራረቀ ቀጣጥሎ ነበር። ረሃቡ እውነት ነው፤ መሸሸጉም እውነት ነው፤ ግብዣውም ነበረ። ከዚህ ውስጥ ሐሰት አልነበረም።

አሥር ዓመት አለፈ። በመስከረም 1984 የአብዮቱ 10ኛ ዓመትና የኢሠፓ ምሥረታ በታላቅ ድግስ ሲከበር ሰሜኑ የአገራችን ክፍል በረሃብ እያለቀ ነበር። በዓሉ እንዳይደበዝዝ ሲባል ረሃቡ ከአደባባይ ራቀ። በቀጣዩ ወር ቢቢሲ ከኮረም ያነሣውን ሲያሳይ ዓለም ደነገጠ። የሌላውን ረሃብ ለመግለጥ ፊልም የቀጣጠለው መንግሥት፣ ወረፋው ሲደርሰው የራሱን ሸፈነ።

በ2010 በመስቀል አደባባይ የቀይ ሽብር ሰማዕታት መታሰቢያ ቤተ መዘክር ተከፈተ። በ2019 የታላቁ ቤተ መንግሥት ግቢ አንድነት ፓርክ ተብሎ ለሕዝብ ሲከፈት፣ ደርግ የንጉሡን ባለሥልጣናት ያሰረበት ምድር ቤትም ለጎብኚ ክፍት ሆነ። ሁለቱም መልካም ሥራዎች ናቸው፤ ልጆቻችንን ይዘን ልናያቸው ይገባል። ሆኖም በሁለቱም ሥፍራ የምናየው ያ ግፍ የወደቀ መንግሥት ግፍ ነው። በወደቀ ዛፍ ምሳር ይበዛበታል እንዲሉ፣ የወደቀን መንግሥት ነውር ለመስቀል ድፍረት አይጠይቅም። ድፍረት የሚጠይቀው ቆሞ ያለው መንግሥት የራሱን ሲሰቅል ነው።

«ገመናን መግለጥ ባህላችን አይደለም» የሚለኝ አንባቢ እንደማይጠፋ አውቃለሁ። ክርክሩ የሚናቅ አይደለም፤ ገመናን መሸፈን በእርግጥ ከጨዋነታችን አንዱ ነው። ነገር ግን የቤተ ሰብን ገመና ቤተ ሰቡ የሚሸፍነው የራሱ ስለሆነ ነው። በመንግሥት ጥፋት የሞተ ሰው ጉዳይ ግን የባለሥልጣኑ ገመና ሳይሆን የሟቹ ቤተ ሰብ መብት ነው። የባለ ዕዳው መሸፈን ጨዋነት ሊባል አይችልም። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም የሚለውም የእኛው ተረት ነው።

እንግዲህ ልመናዬ ብዙ አይደለም። በአገራችን ቤተ መዘክሮች ውስጥ አንድ ግድግዳ በሥልጣን ላይ ላለው መንግሥት ጥፋት ይለቀቅ፤ መንግሥት በተለወጠ ቁጥርም ተረኛው የራሱን ይስቀል። ሠዓሊውም፣ የታሪክ ጸሐፊውም፣ የተረፈውም ሰው ሥራውን ያቅርብ። ይህ እስኪሆን ድረስ ከእናንተ ከአንባብያን የምጠብቀው አንድ ጥያቄ ነው። የትምህርት ቤት መምህር ይሁን፣ የቴሌቪዥን ዘጋቢ፣ ሚኒስትርም ይሁን፣ አስጎብኚ ነኝ የሚል ሁሉ ጉብኝቱን ሲጨርስ «ያለፍነው ምንድን ነው?» ብላችሁ ጠይቁት። ሹመት በታማኝነት ብቻ ሲታደል ጀልባው ላይ የሚሳፈረውና ርብራቡ ላይ የሚቀረው ማን እንደሆነ የሚታወቀው ከዚያ ጥያቄ በኋላ ነው።

ቸር ይግጠመን።